ፖሊስ «የፍርድ ቤት ትዕዛዝ አምጪ» ካለሽ

እህቴ፣ ጥያቄሽን ሁለቴ አነበብኩት። የምትከታተዪው ታካሚ «ቤትሽን አውቀዋለሁ» ብሎ ዝቶብሻል። ፖሊስ ጣቢያ ስትሄጂ ደግሞ «ገና ምንም አላደረገሽም፣ ትዕዛዝ ካለሽ አምጪ» ተባልሽ። ፍርድ ቤት ከሚዝትብሽ ሰው የሚጠብቅሽ ትዕዛዝ ይሰጣል ወይ ነው ያልሽው። ይሰጣል፤ እኔም ሐኪም ነኝ፣ አንድ ታካሚ ዝቶብኝ አግኝቻለሁ። መጀመሪያ ግን ውድቅ ተደርጎብኝ ነው፤ ከስህተቴ ልጀምርልሽ።

ማመልከቻዬ በአጭሩ «ፖሊስ ይመደብልኝ» የሚል ነበር። ዳኛዋ አንብበው ቀና አሉና «ከማን ነው የሚጠበቁት? የት ቦታ? እስከ መቼ?» አሉኝ። አፌ ተያዘ። የዛተብኝ ቀን ሰኞ ይሁን ማክሰኞ እንኳ እርግጠኛ አልነበርኩም። የላከልኝን መልእክት ደግሞ ማየቱ ስላስጠላኝ አጥፍቼዋለሁ። ጅልነት ነው፣ አውቃለሁ።

ሁለተኛ ጊዜ ከጠበቃ ጋር ሄድኩ። ጥያቄውን ለሁለት ከፈልነው። አንዱ በሰውዬው ላይ ነው፦ እንዳይቀርበኝ፣ እንዳይደውል፣ ሥራ ቦታዬና ሰፈሬ ድርሽ እንዳይል። ሌላው ፖሊስን የሚመለከት ነው፦ የሌሊት ተረኛ በምሆንባቸው ቀናት በአካባቢው እንዲዘዋወሩ፣ ስደውልም ቶሎ እንዲደርሱ። ቀኑን ሙሉ አጠገብሽ የሚቆም ፖሊስ ከጠየቅሽ ብዙ ጊዜ አይሳካም። ሰው የለንም ይላሉ፣ ዳኛም ይህን ያውቃል። እውነቱን ለመናገር፣ የቆመ ፖሊስ ብቻውን ዋስትና አይሆንም። በ2023 በሕንድ ኬረላ ግዛት አንዲት ወጣት ሐኪም በቀዶ ጥገና መቀስ ተወግታ የሞተችው ፖሊስ ራሱ ለሕክምና ባመጣው ሰው እጅ ነው። በሰውዬው ላይ የሚወጣው ትዕዛዝ ግን ጥርስ አለው። ሰውዬው ከጣሰው መጣሱ ብቻውን ያስጠይቀዋል፤ ከዚያ በኋላ «ገና ምንም አላደረገም» የምትለው ነገር አትሠራም።

ያሸነፍኩት በምን መሰለሽ? በነርሷ መዝገብ። የዚያን ሌሊት ተረኛ የነበረችው ሲስተር መረካከቢያ ደብተሩ ላይ ሰዓቱን ጽፋ፣ ከሥሩ «ስትወጣ በር ላይ እጠብቅሃለሁ ብሎ ጠረጴዛ መታ፣ ሁለት አስታማሚዎች ሰምተዋል» ብላ አስፍራለች። እንዳለ፣ በራሱ ቃል። «ተሳደበ» ወይም «አስፈራራ» ብላ ቢሆን ዋጋ አልነበረውም። ጠበቃዬ የዓለም ጤና ድርጅትን ጠቅሶ ከ8 እስከ 38 በመቶ የሚሆኑ የጤና ባለሙያዎች በሥራ ዘመናቸው አካላዊ ጥቃት እንደሚደርስባቸው ሲያስረዳ ዳኛዋ በትዕግሥት ሰሙት፣ ግን ጣታቸው ያቺ መስመር ላይ ነበር። ስለዚህ አሁኑኑ፣ ዛሬ ማታ፣ ሰውዬው ያለሽን ቃል በቃል ጻፊ። ቀኑ፣ ሰዓቱ፣ ማን እንደሰማ። የደወለበትንም መዝግቢ።

አሁን ብዙ ሰው የሚስተው ነገር አለ። የማመልከቻሽ ግልባጭ ለሰውዬው ይደርሰዋል! መልስ የመስጠት መብት አለዋ። እኔ የቤት አድራሻዬን በእጄ ጽፌ ልሰጠው ነበር፣ ጠበቃዬ ነው የሰረዘው። የሥራ ቦታሽን ተጠቀሚ፣ የቤትሽ አድራሻ ከመዝገቡ በምስጢር እንዲያዝም ጠይቂ። ከቻልሽ ደግሞ አመልካቹ ሆስፒታሉ ይሁን። ካሊፎርኒያ ውስጥ ለምሳሌ አሠሪው ራሱ ስለ ሠራተኛው ፍርድ ቤት ቀርቦ የእግድ ትዕዛዝ እንዲጠይቅ ሕጉ ይፈቅዳል። የሌላው አገር ሕግ ይለያያል፣ ጠበቃ ጠይቂ። የኔ አለቆች «የተቋሙን ስም አታንሳ» ብለው ፊታቸውን አዞሩብኝ፤ እስከ ዛሬ ይከነክነኛል።

የታካሚውን ካርድ አታያይዢ። የሕመሙን ዓይነትም አትጻፊ። ዛቻው ይበቃል። የኔው ሰውዬ አንድ መድኃኒት አልጽፍልህም ስላልኩት ነው የዛተብኝ፣ ምን መድኃኒት እንደሆነ እዚህም አልነግርሽም። ዳኛ «ታሞ ቢመጣስ?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም፣ መልሱን ይዘሽ ግቢ። የኛ ትዕዛዝ ላይ ለድንገተኛ ሕክምና ከመጣ በጥበቃ ታጅቦ ይገባል፣ ሌላ ሐኪም ያየዋል የሚል ሰፍሯል። ይህን ቀድመን ማቅረባችን የጠቀመን ይመስለኛል፤ ሕክምና ልንከለክለው እንዳልመጣን ታየ።

ትዕዛዙ ከወጣ በኋላ ደግሞ መሳቢያ ውስጥ አታስቀምጪው። ለሰውዬው መድረሱን አጣሪ፣ ካልደረሰው «አላወቅኩም» ይላል። ግልባጩን ለበር ጥበቃ፣ ለነርሶች ጠረጴዛና ለጣቢያው ተረኛ ስጪ። የሚያበቃበትን ቀን ስልክሽ ላይ ያዢ። የኔ የስድስት ወር ነበር፣ ሊያልቅ አራት ቀን ሲቀረው ነው ትዝ ያለኝ። ላብ አጠመቀኝ።

የኔን ማመልከቻ ስሞቹን አጥፍቼ ልልክልሽ እችላለሁ፣ በውስጥ ጻፊልኝ። እስከዚያው ብቻሽን ወደ መኪና ማቆሚያ እንዳትወርጂ።