ደመወዙ ተስተካከለ፣ ወንበሩስ?

የሲአርፒኤፍና የቢኤስኤፍ (የህንድ ማዕከላዊ መንግሥት የታጠቁ የፖሊስ ኃይሎች) መኮንኖች እ.ኤ.አ. በ2019 በህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ከረቱ በኋላ ለምን አሁንም በአይፒኤስ (የህንድ ፖሊስ አገልግሎት) አለቆች ሥር እንደሆኑ ነው የጠየቅከው። ያሸነፉት ደመወዝ እንጂ ማዕረግ ስላልሆነ ነው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። የአይኤኤስ (የህንድ አስተዳደር አገልግሎት) አንድ ባች፣ ማለትም በአንድ ዓመት የገቡ መኮንኖች፣ በማዕከላዊው መንግሥት አንድ እርከን ላይ ሲደርስ፣ ከዚያ ባች ቢያንስ ሁለት ዓመት የሚቀድም የሌላ አገልግሎት መኮንን የዚያን እርከን ደመወዝ ያገኛል። ክፍት መደብ ባይኖርም። ትከሻው ላይ ያለው ምልክት ግን አይነካም፤ ሥራውም ያው ነው። ላይኛዎቹን ወንበሮች በብዛት የሚይዙት ከአይፒኤስ በትውስት፣ ማለትም ለጊዜው ተመድበው፣ የሚመጡ ናቸው። እንደ እኔ ዋናው ቁስል እሱ ነው፣ ገንዘቡ ይከተላል።

እ.ኤ.አ. በግንቦት 2025 ፍርድ ቤቱ ይህንንም ነካው። እስከ ኢንስፔክተር ጄኔራል ማዕረግ ድረስ ያለው የትውስት መደብ በሁለት ዓመት ውስጥ ደረጃ በደረጃ እንዲቀንስ አለ።

ለመመረቂያ ጽሑፍህ አንድ ነገር ልጨምር። የጋዜጣ ርዕስ አይተህ «እኩል ሆኑ» ብለህ እንዳትጽፍ። በገንዘቡም በኩል፣ እንዲህ ያለ ክርክር ስከታተል ብዙ ሰው የሚምታታበት መነሻ ደመወዝና አበል ላይ ነው። ሰንጠረዥህ ላይ ለየብቻ አስቀምጣቸው።