«ማሲንቆውን ወደ 440 ላውጣው?»

ባለፈው ሳምንት አንዲት የሙዚቃ ድርሰት ተማሪ ደወለችልኝ። ለማሲንቆና ለስትሪንግ ኳርቴት (ሁለት ቫዮሊን፣ ቪዮላና ቼሎ) ሥራ እየጻፈች ነው። «ጋሼ፣ ማሲንቆውን ወደ 440 ላውጣው ወይስ እንዳለ ልተወው?» አለችኝ።

ወዲያው መመለስ አቃተኝ። «ቆይ፣ ጽፌ ልላክልሽ» አልኳት። መጻፍ ስጀምር ደግሞ ነገሩ የእሷ ብቻ አልሆነም። የሀገራቸውንም የሌላውንም ሕዝብ ሙዚቃ ይዘው ለፒያኖ፣ ለኳርቴት፣ ለኦርኬስትራ መጻፍ የሚፈልጉ ልጆች ዛሬ ብዙ ናቸው። ስለዚህ ለሁላችሁም ይሁን። ኖታ አጥኑ፣ ሃርመኒ ተማሩ፣ በየቀኑ ተለማመዱ አልላችሁም። እሱን አስተማሪዎቻችሁ ሳይሰለቹ ይነግሯችኋል።

440 የሚባለው ኦርኬስትራ ከመጀመሩ በፊት ሁሉም እንዲቃኝበት ኦቦ የሚባለው የትንፋሽ መሣሪያ የሚሰጠው «ላ» ነው። በሰከንድ 440 ጊዜ ይርገበገባል። ሰዎች ተስማምተው ያመጡት ቁጥር ነው እንጂ ከሰማይ የወረደ አይደለም። ፈረንሳይ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1859 ላይ 435 ይሁን ብላ በሕግ ደንግጋ ነበር። 440 የጸናው በ1939 ለንደን ላይ በተደረገ ጉባኤ ነው። ዛሬም ከዚያ ትንሽ ከፍ አድርገው የሚቃኙ ኦርኬስትራዎች አሉ። የማሲንቆ ቅኝት መነሻው ግን የተጫዋቹ ጉሮሮ ነው። አዝማሪ የሚቃኘው ለራሱ ድምፅ ነው። ጉንፋን ከያዘው ዝቅ ያደርጋል፣ ደህና ከሆነ ከፍ ያደርጋል።

ጥያቄዋ ያስታወሰኝን ልንገራችሁ።

በኛ አቆጣጠር በሰማንያዎቹ መጀመሪያ ላይ ነው። ውጭ ሀገር ተምሬ አዲስ አበባ ከተመለስኩ ብዙም አልቆየሁም። ቀን ፒያኖ አስተምራለሁ፣ ማታ እጽፋለሁ። ያኔ በአንቺ ሆዬ ቅኝት ለማሲንቆና ለስትሪንግ ኳርቴት አንድ ሥራ ጻፍኩ። አንቺ ሆዬ ከአራቱ ቅኝቶች ለሃርመኒ በጣም አስቸጋሪው ነው። ከዶ ብትነሱ ዶ፣ ሬ ፍላት (በግማሽ ቶን ዝቅ ያለች ሬ)፣ ፋ፣ ሶል ፍላት፣ ላ ነው። ትዝታ ላይ እፎይ ብላችሁ የምታርፉባት ሶል እዚህ የለችም። ኮርድ (አብረው የሚመቱ ድምፆች) ልታስደግፉት ስትሞክሩ መሬቱ ይከዳችኋል። እኔን የሳበኝም እሱ ነው።

ማሲንቆውን እንዲጫወቱልኝ ያገኘኋቸው ሰው ከወሎ የመጡ አዛውንት ነበሩ። ቤተሰቦቻቸው ስላሉ ስማቸውን አልጽፍም። ኖታ አያነቡም። ቤቴ እየመጡ ሁለታችን ብቻ እንለማመድ ነበር። እኔ በፒያኖ እመታለሁ፣ እሳቸው ይሰማሉ፣ ከዚያ በራሳቸው መንገድ ይመልሱታል። እኔ ደግሞ እሳቸው የመለሱትን እጽፋለሁ።

አንድ ቀን ጣታቸውን ቀርቤ አየሁት። ቫዮሊን ላይ ጣት ክሩን እንጨቱ ላይ ይጫነዋል። የማሲንቆ ክር ግን ከአንገቱ ርቆ ነው የተወጠረው። ጣታቸው የፈረስ ጭራውን አየር ላይ ነካ ያደርገዋል እንጂ የትም አያሳርፈውም። በጣም ትንሽ ገፋ ሲያደርጉት ድምፁ ይንሸራተታል። ደጋኑ ላይ አንድ ጭራ ሲበጠስባቸው በጥርሳቸው ቆረጥ አድርገው መጫወታቸውን ይቀጥላሉ። እኔ ሬ ፍላትን ፒያኖ ላይ ስመታ ራሳቸውን ይነቀንቁ ነበር። «ይቺማ ጮኸች። ትንሽ አውርዳት» ይሉኛል። ፒያኖ አይወርድማ። በኖታው ላይ ግን የሳቸውም ሬ ፍላት የፒያኖውም ሬ ፍላት አንድ ዓይነት ነው የሚጻፈው።

ከዚያ ከኳርቴቱ ጋር የምንገናኝበት ቀን መጣ። አንደኛው ቫዮሊን ላ ሰጠ። እሳቸውም ለእንግዳ ወግ እንደሚያደርስ ሰው፣ ምንም ሳይሉ መቃኛውን ጠምዘዝ ጠምዘዝ አድርገው ወደ ላይ አወጡት። ክሩ ተወጥሮ ድምፁ ቀጠነ። ያ የማውቀው፣ ትንሽ ሻከር የሚለው ድምፅ ጠፋ። ሲዘፍኑ የአንገታቸው ሥር ተገተረ። ማጉረምረም የለ፣ ቅሬታ የለ፣ እስከ መጨረሻው ዘለቁት። ሻይ ስንጠጣ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው «ድምፄን የት ላድርገው?» አሉኝ።

ኳርቴቱ ወደሳቸው እንዲወርድ ጠየቅኩ። የቼሎዋ ተጫዋች ወዲያው እሺ አለች። ሌላው «ክሩ ይላላል፣ ከእኛ ቀጥሎ ያለው ሥራ ደግሞ 440 ይፈልጋል» አለ። እሱም እውነቱን ነው። ዝግጅቱን የያዘው ቢሮ ግን ክርክሩን በአንድ ቃል ዘጋው። ጊዜ የለም፣ የማሲንቆውን ድርሻ ቫዮሊን ይጫወተው ተባለ። ተከራከርኩ፣ አልሆነም። ፖስተሩ ላይ የማሲንቆ ሥዕል ታትሞ በየግድግዳው ተለጥፎ ነበር።

በዕለቱ ጋቢያቸውን ለብሰው መጡ። ከኋላ ተቀመጡ። ቫዮሊኒስቱ ጎበዝ ልጅ ነበር፣ አንድም ነገር አላበላሸም። ሕዝቡ ተነስቶ አጨበጨበ። እሳቸውም አጨበጨቡ። ሲያልቅ ልጁን እጁን ጨብጠው «እጅህ ይባረክ» አሉት። ከዚያ ወደኔ ዞረው «ሌላ ጊዜ በማሲንቆ እናደርገዋለን፣ አይደል?» አሉኝ። አዎ አልኳቸው።

ያ ሌላ ጊዜ አልመጣም። አዳራሽ ሲገኝ ገንዘብ የለም፣ ገንዘብ ሲገኝ ተጫዋቾቹ አይሞሉም። እሳቸው ወደ ሀገራቸው ገቡ። በኋላ ማረፋቸውን ሰማሁ። ኖታው እጄ ላይ አለ። በድምፅ የቀረ ነገር ግን የለም። ያ ሬ ፍላት በትክክል የት እንደነበረ ዛሬ ማንም ሊነግረኝ አይችልም። የሚቆጨኝ እሱ ነው።

የሙዚቃ ደራሲው ቤላ ባርቶክ ሀንጋሪ ውስጥ ይህን ችግር ቀድሞ ያወቀ ሰው ነው። ፎኖግራፉን፣ ያን የጥንት መቅረጫ፣ ተሸክሞ ከሀገሩ ልጅ ከደራሲው ከኮዳይ ጋር በየገጠሩ ዞሯል። በ1913 (እንደ አውሮፓ፣ ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶችም እንዲሁ) አልጄሪያ፣ ቢስክራ ድረስ ሄዷል። በ1936 ደግሞ ቱርክ ነበር። የገበሬዎቹን ዜማ ሲጽፍ ከኖታው ጥቂት ከፍ ወይም ዝቅ የሚለው ድምፅ ላይ ትንሽ ቀስት ያስቀምጥ ነበር፤ ወደ ላይ ወይም ወደ ታች። ቀላል ነገር ነው። ግን ያቺ ቀስት «እዚህ ጋ የኔ ወረቀት አይበቃም» ብላ ታምናለች።

አሜሪካዊው የሙዚቃ ደራሲ ስቲቭ ራይክ በ1970 ከበሮ ሊማር ጋና ሄደ። ወባ ይዞት ቶሎ ተመለሰ። በሚቀጥለው ዓመት «ድራሚንግ» የተባለውን ትልቅ ሥራውን ጨረሰ። ውስጡ ያሉት ቦንጎ፣ ማሪምባ፣ ግሎከንሽፒል ናቸው፣ የጋና ከበሮ የለበትም። የወሰደው ሙዚቃው የሚሠራበትን መንገድ ነው። ይሄ ቁምነገር ነው። ከሌላ ሕዝብ ሙዚቃ ለሚማር ሰው፣ የድምፁን ቀለም መቅዳት ቀላሉ ነገር ነው። እንዴት እንደሚያስብ መማር ነው ከባዱ።

እኛም ጋ ቀድመው ያሰቡበት ነበሩ። ግብጻዊው የሙዚቃ ደራሲ ሃሊም ኤል-ዳብ በስድሳዎቹ (እንደ አውሮፓ) ዩኒቨርሲቲያችን ሊያስተምር መጥቶ በ1963 ኦርኬስትራ ኢትዮጵያን አቋቋመ። ማሲንቆ፣ ክራር፣ ዋሽንት፣ በገና፣ ከየአካባቢው የመጡ ተጫዋቾች አንድ መድረክ ላይ ተቀመጡ። የያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት የመጀመሪያው ዳይሬክተር አሸናፊ ከበደ የእረኛውን ዋሽንት መንፈስ ወደ ኦርኬስትራ አምጥተዋል። ከዚያም አልፈው ለጃፓኑ ባለ ክር መሣሪያ ለኮቶና ለምዕራባውያን መሣሪያዎች አንድ ላይ ጽፈዋል። ስንቶቻችሁ ሰምታችኋቸዋል?

በገና ስል አንድ ነገር ትዝ አለኝ። አንድ ጊዜ በገና እያስቀረጽን ሳለ የስቱዲዮው ባለሙያ ሥራውን አቁሞ ገመድ መቀያየር ጀመረ። የሚያንዛርር ድምፅ ገብቶብኛል አለ። ያ ድምፅ በገናው ራሱ ነው። በክሩና በድልድዩ መሃል እንዝራ የሚባሉ ቁራጭ ቆዳዎች ይገባሉ፤ ድምፁን እንዲያ የሚያንዛርሩት እነሱ ናቸው። ልጁ ክፉ አይደለም። ጆሮው የሠለጠነው ጠርቶ በሚወጣ ድምፅ ብቻ ስለነበር ሙዚቃውን ብልሽት አድርጎ ሰማው።

የዛሬ ልጆች ላይ የማልወደውን ልናገር። ትቸኩላላችሁ። ኮምፒዩተር ላይ «ማሲንቆ» የሚል ድምፅ ታገኛላችሁ፣ ኪቦርድ ላይ ትጫወቱታላችሁ፣ በቃ ማሲንቆ ጻፍን ትላላችሁ። እሱ እኮ ከፋብሪካው ሲወጣ 440 ላይ ተቸንክሮ ነው። ከማሲንቆ ተጫዋች ጋር አንድ ክረምት ቁጭ ብሎ ደጋን መያዝ የተማረ የድርሰት ተማሪ ግን አልፎ አልፎ ነው የማገኘው። ጥሩ ተጫዋች ሁኑ አላልኩም። ድምፁ ከየት እንደሚወጣ እጃችሁ ይወቀው ነው የምለው።

በሌላ በኩል በናንተ እድሜ እኛ የሰማነውን ባሰብኩ ቁጥር እቀናባችኋለሁ። እኛ የጃቫን ጋሜላን፣ ያን የኢንዶኔዥያ የምት መሣሪያዎች ስብስብ፣ በመጽሐፍ ነበር የምናነበው። የፈረንሳዩ ደራሲ ደቡሲ በ1889 ፓሪስ ኤግዚቢሽን ላይ ሰምቶ ተደነቀ ይሉናል፣ እኛ ግን ምን እንደሰማ አናውቅም። እናንተ ስልካችሁን አውጥታችሁ አሁኑኑ ትሰሙታላችሁ። ጆሯችሁ ከኛ ይሰፋል። ስለዚህ ቴክኖሎጂውን ጣሉት አልልም፤ እንዲያውም በስልካችሁ ሁልጊዜ ቅረጹ። ልምምዱንም፣ ወሬውንም፣ ሲቃኙም ቅረጹ።

«ታዲያ ፒያኖስ?» ትሉኛላችሁ። ፒያኖ ለማንም አይወርድም፣ አይወጣም። በኔ አነጋገር ከሄድን በፒያኖ አምባሰልም ትዝታም መጻፍ ስህተት ሊሆን ነው። ግን እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩን ስሟቸው። ካይሮ ቫዮሊን የተማሩ፣ ግሸን ማርያም የመነኮሱ፣ በ1923 ተወልደው በ2023 ኢየሩሳሌም ያረፉ እናት ናቸው። ፒያኖው ያው ፒያኖ ነው፣ ጊዜው ግን ይለጠጣል፣ ትንንሾቹ ጌጥ ድምፆች ሾልከው ይገባሉ፣ ቁልፎቹ መሃል የሌለው ድምፅ ያለ ይመስላል። ፒያኒስቱ ግርማ ይፍራሸዋም አለ። በልጅነቱ ክራር ተጫውቶ፣ ቡልጋሪያ፣ ሶፊያ የሙዚቃ ኮንሰርቫቶሪ ተምሮ፣ አምባሰልን ወደ ፒያኖ አምጥቶታል። እንዴት ሆነላቸው ብትሉኝ አንድ መልስ የለኝም። እኔም ራሴ ለፒያኖ እጽፋለሁ፣ እወደዋለሁ። ማሲንቆ ቦታው ላይ እያለ ማሲንቆውን ማጠፍ ግን አሁንም አልቀበልም።

እንግዲህ ልጄ፣ ወደ ጥያቄሽ። አታውጪው። ኳርቴቱ ይውረድ።

አደራረጉ እንዲህ ነው። መጀመሪያ ተጫዋቹ ብቻውን፣ በራሱ ቅኝት፣ እየዘፈነ ይጫወትልሽ። ቅረጪው። መነሻ ድምፁ የት እንደሆነ ለኪ። ከዚያ የኳርቴቱን ኖታ ለዚያ ድምፅ በጣም ወደሚቀርበው ግማሽ ቶን ቀይረሽ ጻፊው። የሚቀረው ልዩነት ከግማሽ ቶን ግማሽ አይበልጥም። ያቺን ብቻ ክራቸውን አላልተው ወይም አጥብቀው ይምጡ። ያን ያህሉ ለቫዮሊን ክር ምንም አይደለም። ይህን ዘዴ እኔ ያየሁት ሽማግሌው ካረፉ በኋላ ነው፤ ያኔ የሚነግረን ሰው አልነበረም። ለተጫዋቾቹ ከአንድ ቀን በፊት ንገሪያቸው፣ ክሩ እንዲለምድ። በፕሮግራሙ ላይ ሥራሽ ከዕረፍቱ በኋላ መጀመሪያ ላይ ይግባ፣ በዕረፍቱ ሰዓት ይቃኛሉ። ማሲንቆው ሬ ፍላቱን ዝቅ ሲያደርግ ቫዮሊኖቹም እንዲከተሉት እንደ ባርቶክ ቀስት አድርጊበት።

ቅኝቱን ከማንም ጋር አትደራደሪበት። «ማሲንቆው ይቃኛል፣ ሌላው ይከተላል» ብለሽ ኖታው የመጀመሪያ ገጽ ላይ ጻፊው፤ ልምምድ ላይ ሲከራከሩሽ ገጹን ታሳያቸዋለሽ። የተጫዋቹ ስም ፕሮግራሙ ላይ ከቫዮሊኒስቶቹ እኩል ይጻፍ። ክፍያውም ከነሱ አይነስ። ይህን ሁሉ ከአዘጋጆቹ ጋር ፖስተሩ ማተሚያ ቤት ከመግባቱ በፊት ጨርሺ፣ በወረቀትም ይፈርሙልሽ። ረቂቁ ሲያልቅ ላኪልኝ።