እሺ ብቻ የሚል አስጎብኚ አትያዙ

የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። በዕረፍታችን ከባለቤቴና ከ11 ዓመት ልጃችን ጋር እሳተ ገሞራ ያለበት ቦታ ሄደን አንድ ቀን ልንውል አስበናል። አንዱ አማራጭ አውቶቡስ ሙሉ ሰው የሚሄድበት የቡድን ጉዞ ነው። ሌላው ለእኛ ብቻ የሚመደብ አስጎብኚ ከነመኪናው ነው፤ ዋጋው ግን ከበድ ይላል። ባለቤቴ «ተራራው እንደሆነ ያው አንድ ነው፤ ለምን ብለን ነው ተጨማሪ የምንከፍለው?» ይላል። እኔ ደግሞ ልጁ ቀለል ያለ አስም ስላለበት ልቤ አላረፈም። ልዩነቱ ምንድን ነው? ከመክፈላችን በፊትስ ምን ልጠይቅ?
የልጅ እናት

መልስ፦ እህቴ፣ ከአስሙ ልጀምር።

ንቁ እሳተ ገሞራ ላቫ (ቅልጥ አለት) ባይፈስበትም ጋዝ ያወጣል። ከስንጥቆቹ ከሚወጡት አንዱ ሰልፈር ዳይኦክሳይድ ነው። የጤነኛውን ሰው ጉሮሮ ይከረክራል፣ ያስለዋል። አስም ያለበትን ሰው ግን በትንሽ መጠንም የመተንፈሻ ቧንቧውን ሊያጠብበት ይችላል። ስለዚህ የልጁን ሐኪም ሳያማክሩ ቀብድ አይክፈሉ። ሐኪሙ ይሂድ ካለ ኢንሄለሩ ልጁ ኪስ ውስጥ ይሁን። መኪና ውስጥ ከቀረ እንደሌለ ቁጠሩት። ለአስጎብኚውም ነገሩን ገና ቀን ሲይዙ ይንገሩት። ተራራው ላይ ከወጡ በኋላ መንገር ለእሱም ለእናንተም አይጠቅምም።

የባለቤትዎም ጥያቄ መልሱ እዚሁ ውስጥ አለ። ልክ ናቸው፣ ተራራው አንድ ነው። ግን ልጁ ማሳል ሲጀምር ምን ይሆናል? ሃያ ሰው በአንድ አስጎብኚ እየሄደ አንድ ልጅ ካመመው፣ ወይ ሃያው ሰው ይመለሳል፣ ወይ እናትና ልጅ አንድ ጥግ ተቀምጠው ሌላው እስኪመጣ ይጠብቃሉ። እናትም የሰው ቀን ላለማበላሸት ብላ «ደህና ነው፣ እንቀጥል» ትላለች። እኔ በጣም የምፈራው ይህንን ይሉኝታ ነው። ለብቻችሁ ከሆናችሁ ግን ማንንም ሳታስቀይሙ ትመለሳላችሁ።

ስለዚህ ለእናንተ ቤት የግሉ ይሻላል እላለሁ። ለሁሉም ቦታ ግን አይደለም። በስፔን ላንዛሮቴ ደሴት ያለውን የቲማንፋያ ብሔራዊ ፓርክ እንውሰድ። መልኩን የሰጠው ከ1730 እስከ 1736 የቆየ ፍንዳታ ነው (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ዋናውን የእሳተ ገሞራ መንገድ ጎብኚ የሚያየው በፓርኩ አውቶቡስ ተቀምጦ ነው። የፓርኩ ሠራተኞች ጉድጓድ ውስጥ ደረቅ ቁጥቋጦ ሲጨምሩ በራሱ ይቀጣጠላል። መሬት ውስጥ በተቀበረ ቱቦ ውሃ ሲያፈሱ በእንፋሎት ተወንጭፎ ይወጣል። ይህን ሁሉም ሰው እኩል ያያል። እንዲህ ላለው ቦታ ለግል አስጎብኚ ብዙ ገንዘብ ማውጣት አያስፈልግም።

አሁን ከመክፈልዎ በፊት ወደሚጠይቁት። ለእኔ ከሁሉም የሚበልጠው «በምን በምን ምክንያት ትመልሰናለህ?» የሚለው ነው። ጥሩ አስጎብኚ መልሱ አፉ ላይ ነው። ነፋሱ ጋዙን ወደ መንገዱ ካዞረው፣ ጉም ከወረደ፣ የማስጠንቀቂያው ደረጃ ከተቀየረ፣ ልጁ ከደከመ፣ እያለ ይዘረዝርልዎታል። «አይዟችሁ፣ እኔ እያለሁ ምንም አይፈጠርም» ካለ ሌላ ይፈልጉ። ያሉትን ሁሉ እሺ የሚል ሰው ተራራው ላይም እሺ ይላል። በዚያው የገንዘቡን ነገር ጨርሱ። መንገድ ላይ ብንመለስ ክፍያው ምን ይሆናል? ተራራው በዕለቱ ቢዘጋ ቀን ይቀየርልናል? መልሱን በጽሑፍ ይያዙ። ሲመለስ የሚከስር አስጎብኚ ላለመመለስ ሊፈተን ይችላል። የከፈለም ቤተሰብ እንደዚሁ።

ሁለተኛው ጥያቄ «የዕለቱን የማስጠንቀቂያ ደረጃ ከየት ነው የምታየው?» ነው። በደንብ የሚጠኑ እሳተ ገሞራዎች ቀን ከሌት የሚከታተላቸው ተቋም አላቸው። አስጎብኚው የተቋሙን ስም ሳያመነታ መንገር አለበት። እርስዎም ጠዋት ከመነሳትዎ በፊት በስልክዎ ይዩት።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፣ ምክንያቱም የሰው ሕይወት ጠፍቶበታል። የኒው ዚላንዷ ዋካሪ ደሴት በጀልባና በሄሊኮፕተር የቀን ጉብኝት ይደረግባት ነበር። በኖቬምበር 2019 የማስጠንቀቂያ ደረጃዋ ከ1 ወደ 2 ከፍ አለ። ጉብኝቱ ግን ቀጠለ። ዲሴምበር 9 ቀን ስትፈነዳ 47 ሰዎች ደሴቷ ላይ ነበሩ፤ 22ቱ ሞቱ። በጃፓን ያለው የኦንታኬ ተራራ ደግሞ ሴፕቴምበር 27 ቀን 2014 የፈነዳው ደረጃው ዝቅተኛው 1 ላይ እያለ ነው። ቀኑ ቅዳሜ ነበር፣ ሰዓቱም እኩለ ቀን ሊሆን ሲል። ጫፉ በተጓዦች ተሞልቶ ነበር። የሞቱትና ደብዛቸው የጠፋው 63 ናቸው።

ሁለቱም በዋናነት የእንፋሎት ፍንዳታዎች ናቸው። ከተራራው ሥር የታመቀ ውሃ በሙቀቱ ድንገት ወደ እንፋሎት ይለወጥና ድንጋዩን ሰባብሮ ይወጣል። ቅልጥ አለት ከጥልቅ ሲወጣ ብዙ ጊዜ መሬቱን ቀድሞ ያንቀጠቅጠዋል፣ ያሳብጠዋል። እንፋሎት ግን ይህን ያህል ጊዜ ላይሰጥ ይችላል። ስለዚህ ደረጃው ዝቅ ያለ ነው ማለት አደጋ የለም ማለት አይደለም። በእናንተ እጅ ያለው ነገር የእሳተ ገሞራው አፍ (ጋዙና ላቫው የሚወጣበት ጉድጓድ) ጫፍ ላይ የምትቆዩበትን ጊዜ ማሳጠር ነው። አይታችሁ፣ ፎቶ ተነስታችሁ ዞር በሉ። ዕረፍትና ምሳ ከዚያ ርቆ ይሁን።

ፈቃዱንም ይጠይቁ። ለምሳሌ በኢጣሊያ የእሳተ ገሞራ አስጎብኚነት ራሱን የቻለ ፈቃድ የሚሰጥበት ሙያ ነው። መኪና የሚነዳልዎ ሰውና ወደ ላይ የሚያወጣዎ ሰው የተለያዩ ሊሆኑ ስለሚችሉ፣ የማንን ፈቃድ እንደሚያዩ ይወቁ።

ለልጅዎ አንድ ነገር አስቀድመው ይንገሩት። ብርድ ሲሆን ልጆች ከነፋስ ለመሸሽ ጎድጎድ ያለ ቦታ ፈልገው ይቀመጣሉ። እሳተ ገሞራ ላይ ይህ አይደረግም። ካርቦን ዳይኦክሳይድ ከአየር ስለሚከብድ ጉድጓድ ውስጥ ይተኛል፤ ሽታም የለውም። የበሰበሰ እንቁላል የሚሸተው ሃይድሮጂን ሰልፋይድ ደግሞ ሲበዛ አፍንጫን ያደነዝዛል። ሽታው ድንገት ከጠፋ ጋዙ ጠፋ ብላችሁ አትመኑ። ነፋሱ ወደሚመጣበት፣ ከፍ ወዳለው ቦታ ሂዱ።

እኔ ጂኦሎጂ አስተምራለሁ። በሲሲሊ ኤትና ተራራ ላይ የመራኝን ሰው ግን እስካሁን እንደ መምህሬ ነው የማየው። በየመሀሉ ይቆምና ጥቁሩን አሸዋ በጭብጡ ዘግኖ ቀስ አድርጎ ያፈሰዋል። አቧራው ወዴት እንደሚሄድ ያያል። ከዚያ ቀና ብሎ ጫፉ ላይ ያለውን ጭስ ያያል። አንድ ቦታ ስንደርስ አቧራው ወደ ፊታችን ዞረ። «በቃ፣ ወደ ታች» አለ። ወረድን።

ያወረደኝ ወደ አንድ የቆየ የላቫ ፍሰት ነው። ተንበረከከና ከአለቱ አንዱን ጎን አሳየኝ። አለቱ የተበሳሳ ነው፤ ቀዳዳዎቹ ግን ክብ አይደሉም። ሁሉም ሞላላ ናቸው፣ ሁሉም ወደ ቁልቁለቱ ተለጥጠዋል። ላቫው ገና ለስላሳ እያለ ጋዙ አረፋ ሠርቷል፣ ፍሰቱ አረፋውን ጎትቶታል፣ እንደተጎተተም ደርቋል። ይህን በክፍል ውስጥ ናሙና ይዤ ስንት ጊዜ አስረድቻለሁ። አለቱ በፈሰሰበት ቦታ፣ ቁልቁለቱን ከፊቴ እያየሁ ሲነገረኝ ግን ሌላ ነገር ሆነብኝ። ቀጥሎ አለቱን የሸፈነ፣ ሽበት የመሰለ ግራጫ ነገር በጣቱ ነካ። ላይከን ነው፤ በላቫ ላይ ቀድመው ከሚበቅሉት አንዱ። አጠገቡ ያለው ፍሰት ግን ጥቁር እንደሆነ ነው፣ ምንም አልያዘበትም። የትኛው ቀድሞ እንደፈሰሰ የ11 ዓመት ልጅ አይቶ ይናገራል።

ለግል አስጎብኚ የሚከፈለው ገንዘብ ለእንዲህ ዓይነቱ ጊዜ ቢሆን ደስ ይለኛል። ብዙ ሰው ግን የግል ቀን ይይዝና ስድስት ቦታ ይሮጥበታል። የላኩልዎ መርሐ ግብር እንደዚያ ከሆነ ግማሹን ይሰርዙት። አንድ አፍና አንድ የላቫ ፍሰት ለአንድ ቀን ይበቃሉ። ልጁም ይጠይቅበት። አስጎብኚው የልጅ ጥያቄ የሚሰለቸው መሆን አለመሆኑን ቀድመው በስልክ ሲያወሩት ይታወቅዎታል።

ጥያቄ፦ ከጓደኛዬ ጋር በግል አስጎብኚ ተራራ ልንወጣ ነው። ስኒከር ይበቃል ወይስ ሌላ ጫማ ልግዛ?
ተማሪ

መልስ፦ አይበቃም፣ ወንድሜ። ሻካራው ላቫ የጫማ ሶል ይበላል። ስትወድቅበት ደግሞ መዳፍህን ይቆርጥሃል። ቁርጭምጭሚት የሚይዝ፣ ሶሉ ወፍራም የሆነ ቡት ያስፈልግሃል። አዲስ ከሆነ ቀደም ብለህ አለማምደው። ብዙ አስጎብኚዎች ቡትና ሄልሜት ስለሚያከራዩ ከመግዛትህ በፊት ጠይቅ። ረጅም ሱሪ ልበስ፣ ወፍራም ጓንት ያዝ። ኮንታክት ሌንስ የምታደርግ ከሆነ በዚያን ቀን መነጽር ይሻልሃል፣ አመድ ዓይን ውስጥ ሲገባ በሌንሱ ሥር ሆኖ ዓይንህን ይቧጭራል። የብር ቀለበትህንም ቤት ተወው፤ የድኝ ጋዝ ብርን ያጠቁራል።

ብርዱን አትናቀው። ከፍታ በ1,000 ሜትር ሲጨምር ሙቀቱ በአማካይ ወደ 6.5 ዲግሪ ይቀንሳል። የስፔኑ ቴይዴ እሳተ ገሞራ 3,715 ሜትር ነው። ታች ባሕሩ ዳርቻ ላይ በቲሸርት የዋለ ሰው እዚያ ላይ ጃኬት ይፈልጋል። ለቴይዴ የመጨረሻዋን ቁራጭ መንገድ ለመውጣት ፈቃድ ቀድሞ ማውጣት ግዴታ ነው። እንዲህ ያለውን ፈቃድ የሚያወጣው አስጎብኚው ይሁን ወይስ አንተ፣ ከአሁኑ ተነጋገሩ።

ጥያቄ፦ አንድ አስጎብኚ «ቀይ ላቫ አሳይሃለሁ» ብሎ ቃል ገባልኝ። ልመነው?
ጉጉ ተጓዥ

መልስ፦ እንዲህ ያለ ቃል የሚገባ ሰው ሊኖር አይገባም። በሃዋይ የኪላዌያ ተራራን ተመልከት። ሃሌማኡማኡ በሚባለው አፍ ውስጥ ከ2008 ጀምሮ የላቫ ሐይቅ ነበረ። በ2018 ላቫው ወደ ታች ሰረገ፣ ሐይቁም ጠፋ። በ2019 በዚያው ጉድጓድ የውሃ ኩሬ ታየ። በዲሴምበር 2020 ተራራው እንደገና ፈነዳ፤ ውሃው ተነነ፣ ቦታውን ላቫ ያዘው። የተራራውን ዕቅድ የሚያውቅ አስጎብኚ የለም።

ዕድሉ የተሻለ ቦታ ግን አለ። የኢጣሊያው ስትሮምቦሊ ትንንሽ ፍንዳታዎችን ቶሎ ቶሎ ያደርጋል። በ2019 በደረሱት ከባድ ፍንዳታዎች አንድ ተጓዥ ሞቷል፤ ከዚያ ወዲህ ጎብኚ የሚወጣበት ከፍታ ተገድቧል። ሌላው ሰው የማይነግርህ ነገር የሰዓቱ ጉዳይ ነው። ላቫ ላዩ ሲቀዘቅዝ ይጠቁራል፤ በጠራራ ፀሐይ ቀዩ ደብዝዞ ነው የሚታየው። ቀይ ካማረህ ከሰዓት በኋላ ተነስታችሁ ከጨለመ በኋላ የምትመለሱበት ጉዞ ጠይቅ። የግንባር መብራትም ያዝ። አስጎብኚውን ደግሞ «ላቫ ባይኖርስ ምን ታሳየኛለህ?» በለው። በዚህ ጥያቄ ከተናደደ ተወው።

ጥያቄ፦ ለማስታወሻ ትንሽ ድንጋይ ይዤ ብመለስ ችግር አለው?
ከአንባቢያን አንዷ

መልስ፦ አዎ፣ አለው። በሃዋይ፣ በቴይዴና በቲማንፋያ ብሔራዊ ፓርኮች ድንጋይ ማንሳት ክልክል ነው። ሌላም ቦታ አስጎብኚሽን ሳትጠይቂ አታንሺ። ፎቶ አንሺው፤ መጠኑ እንዲታወቅ አጠገቡ እስክሪብቶ አስቀምጪ።