ከፎቶው ጀርባ ስም ጻፉ

ፎቶ የምታነሱ፣ ልብስ የምትስሉ ልጆች፣ ዛሬ ስለ አንቶኒዮ ሎፔዝ ላጫውታችሁ። የፋሽን ሰዓሊ ነበር፣ ፎቶ አንሺም ነበር።

ባለፈው ሳምንት ቶሞካ ቆመን ማኪያቶ ስንጠጣ አንዲት ልጅ በስልኳ ያነሳችውን የሀበሻ ቀሚስ አሳየችኝና «ጋሼ፣ ምን ይጎድለዋል?» አለችኝ። ብርሃኑ ጥሩ ነው። የልጅቷ አቋቋምም ያምራል። ጥለቱን የሠራው ማን እንደሆነ ስጠይቃት ግን አላወቀችም። ያኔ አንቶኒዮ ትዝ አለኝ፣ የራሴም ጥፋት ትዝ አለኝ።

አንቶኒዮ በፈረንጆች 1943 ፖርቶ ሪኮ ውስጥ ኡቱዋዶ በምትባል ከተማ ተወለደ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች ነው የምነግራችሁ)። 7 ዓመት ሲሆነው ቤተሰቡ ኒውዮርክ ገባ። እናቱ ልብስ ሰፊ ነበረች። አባቱ ደግሞ ሱቅ መስታወት ውስጥ ልብስ የሚለብሱትን አሻንጉሊቶች ይሠራ ነበር። ልጁ ለእናቱ የጥልፍ አበባ ይስልላታል፣ የአባቱን አሻንጉሊቶች ፊት ይኳኩላል። ፋሽን ትምህርት ቤት ሳይገባ እጁም ዓይኑም ቤቱ ውስጥ ተፈታ ማለት ነው። እናቱ ጥልፍ የምትጠልፍ፣ አያቱ ጥጥ የምትፈትል ልጅ እኛ ሰፈር ስንት አለ መሰላችሁ! እናንተ ግን ፋሽን ሲባል ፓሪስና ሚላን ብቻ ነው የሚታያችሁ።

ኮሌጁን ሳይጨርስ «ዊሜንስ ዌር ዴይሊ» የሚባለው የልብስ ንግድ ጋዜጣ ቀጠረው፤ ከዚያ ለኒውዮርክ ታይምስም ሳለ። ጊዜው መጽሔቶች ስዕልን እየተዉ ወደ ፎቶ የዞሩበት 1960ዎቹ ነው። እሱ እርሳሱን አልጣለም። ሰው ፊቱ አቁሞ፣ ሙዚቃ ከፍቶ ይስላል። በ1969 ፓሪስ ሄደ። ሞዴሎቹን ጄሪ ሆልንና ግሬስ ጆንስን ዓለም ገና በደንብ ሳያውቃቸው ይስላቸውና ያነሳቸው ነበር። ፋሽን መጽሔት ውስጥ ጥቁር ፊት ብርቅ በነበረበት ዘመን ፓት ክሊቭላንድን የመሰሉ ጥቁር ሞዴሎችን ወደ ፊት አመጣ።

ካሜራው ደግሞ ምን ነበር? ኮዳክ ኢንስታማቲክ። ፊልሙን እንደ ካሴት ሰክቶ መጫን ብቻ ነው፤ የቤተሰብ ሽርሽር የሚነሳበት ርካሽ ካሜራ። አራት ማዕዘን ፎቶዎቹን በረድፍ በረድፍ እየደረደረ አንድን ሰው ሲንቀሳቀስ ያሳያችኋል። ስልኬ ጥሩ አይደለም የምትሉኝ ልጆች፣ እባካችሁ እነዚያን ፎቶዎች ፈልጋችሁ እዩ።

ከሁሉ በላይ ልነግራችሁ የፈለግሁት ግን ስለ ሁዋን ራሞስ ነው። ስዕሎቹ ላይ ያለው ፊርማ «አንቶኒዮ» ብቻ ነው፤ ሥራው ግን የሁለት ሰው ነው። ሁዋን የትምህርት ቤት ጓደኛው ነበር። መጻሕፍት የሚያገላብጠው፣ ሐሳብ የሚያመጣው፣ ቀለም የሚመርጠው እሱ ነው። አንቶኒዮ በ1987 በኤድስ ሞተ፣ ገና 44 ዓመቱ ነበር። ሁዋንንም በ1995 ያው በሽታ ወሰደው። (እኛም በዚያ ዘመን ስንቱን ወጣት ቀብረናል።) ስዕሉና ፎቶው ያልጠፋው ወዳጆቻቸው ሰብስበው ስላስቀመጡት ነው። የሁዋንንም ስም ዛሬ የምናውቀው የቀሩት ሰዎች ደጋግመው ስላነሱት ነው እንጂ ፊርማውን ብቻ ብናይ ኖሮ ከየት እናውቀው ነበር?

አሁን ወደ ራሴ ልምጣ። ፒያሳ፣ ዶሮ ማነቂያ አጠገብ፣ ፎቶ ቤት ውስጥ ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ። ልብስ ሰፊዎች አዲስ ቀሚስ ሲያወጡ እኔ ጋ ይመጣሉ። ፊልሙን አጥባለሁ፣ አትማለሁ፣ ከጀርባው የሙሽራዋን ስም፣ ቀኑንና ሒሳቡን እጽፋለሁ። ሦስት ሳምንት መወርወሪያ ሲወረውር የከረመውን ሸማኔ ስም አንድ ቀን እንኳ አልጻፍኩም። አልጠየቅሁማ! ልብስ ሰፊውም አይነግረኝም፣ እኔም ደንታ አልነበረኝም። በጣም ነው የሚቆጨኝ። ሰፈሩ በፈረሰ ጊዜ ካርቶኖቹን ቤቴ አመጣሁና አንድ በአንድ ሳገላብጥ የሁሉም ሴት ስም አለ፣ የአንድም ሸማኔ ስም የለም።

ስለዚህ እናንተ ሳትዘገዩ ጀምሩ። የታተመ ፎቶ ከሆነ ከጀርባው በለስላሳ እርሳስ፣ ሳትጫኑ ጻፉ፤ እስክሪብቶ ወደ ፊት ይወጣል። ስልክ ላይ ከሆነ ስትለጥፉት ከሞዴሏ ስም ጎን የሸማኔውንና የጠላፊዋን ስም ጨምሩ። ካላወቃችሁ ደግሞ ሄዳችሁ ጠይቁ፣ ሽሮ ሜዳ ሩቅ አይደለም።

እኔም ፎቶዎቹን ይዤ ሽሮ ሜዳ መመላለስ ጀምሬያለሁ። አንድ ሽማግሌ ሸማኔ አንዷን ፎቶ ተቀብለው የልጅቷን ፊት ሳያዩ ጣታቸውን ቀሚሱ ጠርዝ ላይ አደረጉ። ዝም ብለው ቆዩ። «ይሄ የወንድሜ እጅ ነው» አሉኝ። ስሙን ነገሩኝ፣ እዚያው ቁጭ ብዬ ጻፍኩት።

እስካሁን 9 ስም አግኝቻለሁ። ቅዳሜ እንደገና እሄዳለሁ፤ አብሮኝ መሄድ የሚፈልግ ካለ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ቶሞካ በር ላይ ይጠብቀኝ።