መልስ፦ ሚስቱን ገደልክ የተባለው ዶክተር ፊልም

ስሙንና መጨረሻውን የጠየቅከው ፊልም «ዘ ፊውጂቲቭ» ነው፤ ሃሪሰን ፎርድ የሚሠራበት፣ በ1993 የወጣው (በፈረንጅ ነው፣ በእኛ እንዳትፈልገው)።

ደብረ ማርቆስ ቪዲዮ ቤት እያየህ ባቡሩ የእስረኞቹን አውቶቡስ እንደገጨ መብራት ሄደብኝ ብለሃል። መጨረሻው ይኸው፦ ሚስትየዋን የገደላት አንድ እጁ ሰው ሠራሽ የሆነው ሰውዬ ነው። የላከው ግን የዶክተሩ የራሱ ወዳጅ፣ ሐኪም ነው። ነገሩ የመድኃኒት ንግድ ነው፤ ዶክተሩ አዲሱ መድኃኒት ጉበት እንደሚጎዳ ደርሶበት ነበር።

ስትጨርሰው አንድ ቦታ እንዳያመልጥህ። ዶክተሩ፣ ፖሊስ እያሳደደው፣ የጽዳት ሠራተኛ መስሎ ሆስፒታል ገብቶ፣ የአንድ ልጅ ራጅ ያይና የልጁን የሕክምና ትእዛዝ በእስክሪብቶ ቀይሮ ወደ ቀዶ ሕክምና ይልከዋል። እኔን ንፁህነቱን ያሳመነኝ ከምርመራው ሁሉ ይልቅ ያ ነው።

ተጠንቀቅ፦ በዚሁ ስም ከ1963 እስከ 1967 የታየ የቴሌቪዥን ተከታታይም አለ። እኔ ፍኖተ ሰላም ፍላሽ ላይ አስጭኜ ቤት ስከፍተው ጥቁርና ነጩ ወጣ፤ ለመመለስ ሌላ የባጃጅ ሂሳብ። እዚያው ሱቁ ውስጥ አስከፍተህ የፎርድን ፊት ሳታይ ብር እንዳትሰጥ።