«እርስዎ» እያልኩ እንዴት አስቀየምኳቸው?

ጥያቄ፦ «ሠላሳ ዓመት አልሞላኝም። በቅርቡ የአንድ ክፍል ኃላፊ ሆኛለሁ። ከማስተባብራቸው ሠራተኞች አንዱ የአባቴ እኩያ የሚሆኑ የሒሳብ ባለሙያ ናቸው። ሁላችንም ‹ጋሼ› ነው የምንላቸው። የመጀመሪያውን ሩብ ዓመት ሪፖርት ሲልኩልኝ አንዱ ሠንጠረዥ ላይ የነሐሴ ወጪ ሁለቴ ተደምሮ አየሁ። በቴሌግራም ለብቻቸው እንዲህ ብዬ ጻፍኩላቸው፦ ‹ሠንጠረዥ 3 ላይ ስህተት አግኝቼብዎታለሁ። ከመላክዎ በፊት ቢያሳዩኝ ኖሮ ይሄ አይፈጠርም ነበር። ታርሞ እስከ ዓርብ ይቅረብ።› እሳቸውም ‹እሺ› ብለው መለሱ። ከዚያ ወዲህ ሰላምታቸው ቀዝቅዟል። ለሌላ ባልደረባችን ‹እንደ ልጅ ታዘኛለች› ማለታቸውንም ሰማሁ። አንድም ቦታ ‹አንተ› አላልኳቸውም። ታዲያ አማርኛዬ ላይ ጥፋቱ የቱ ጋ ነው? እሺ ካሉስ በኋላ ለምን ተቀየሙ?»

መልስ፦ እህቴ፣ ጥሩ ጥያቄ ነው። መልእክቱን እንዳለ መላክሽ ደግሞ ሥራዬን አቀለለልኝ።

ብዙ ሰው በአማርኛ ማክበር ማለት አንቱታ ብቻ ይመስለዋል። «እርስዎ» ካልኩ፣ ግሱንም በአንቱታ ከጨረስኩ ምን ቀረኝ ይላል። አንቱታ የሚጠብቀው የሰውየውን ደረጃ ነው። ጥፋቱ ማን ላይ እንዳረፈ የሚናገሩት ግን ሌሎች ናቸው፤ ግሱ ውስጥ ተደብቀው የሚገቡ ትንንሽ ፊደላት። በአንቱታ ሙሉ በሙሉ የተከበረ ሰው በእነሱ ሊወጋ ይችላል። የሆነውም ይኸው ነው።

የመጀመሪያውን ዓረፍተ ነገር እንየው። «ስህተት አግኝቼብዎታለሁ።» እዚህ ላይ የምትወጋው «ብ» ናት። አማርኛ ግስ ውስጥ የሚሰካቸው ሁለት ቅንጣቶች አሉት፤ «ል» እና «ብ»። ዳኛው ፈረደልኝ፣ ዳኛው ፈረደብኝ። ጎረቤቴ መሰከረልኝ፣ ጎረቤቴ መሰከረብኝ። ዝናብ እንኳ በእነዚህ ሁለቱ ይለያል። ዘር ተዘርቶ ሰማዩ ሲጠበቅ የመጣ እንደሆነ ዘነበልን እንላለን፤ እህሉ ታጭዶ ሜዳ ላይ እያለ ከሆነ ዘነበብን። «ል» ለሰውየው ትቆማለች፣ «ብ» ትነሣበታለች። ሁልጊዜ ግን አይደለም። «ኮራሁብሽ» ስንል ማንንም አልነካንም፣ «ተማመንኩብህ»ም እንደዚያው ነው። ስህተት፣ ጥፋት፣ ጉድለት ከሚሉ ቃላት ጋር ስትገጥምና የምታርፈው ሰው ላይ ሲሆን ነው «ብ» ክስ የምትሆነው።

አንቺ ስህተቱን ያገኘሽው ሠንጠረዡ ላይ ነው። ግሱ ግን ወስዶ ጋሼ ላይ ለጠፈው። «ስህተት አግኝቼበታለሁ» ሲባል ነገሩ ወዲያው ይለወጣል፤ «በት» ሠንጠረዡን ነው የምታመለክተው። ከዚህም የሚሻል አለ። «ስህተት» የሚለው ቃል ራሱ ፍርድ ነው፤ መዝገቡ ሳይገለጥ ውሳኔው ተነበበ ማለት ነው። ያየሽውን ብቻ ጻፊው፦ «የነሐሴ ወጪ ሁለቴ የተደመረ ይመስለኛል።» ይሄ ማንም ፋይሉን ከፍቶ ሊያየው የሚችለው ነገር ነው።

«የተደመረ» ማለቴን ልብ በዪልኝ። «ደምረዋል» ብትዪ «እርስዎ» የሚለውን ቃል ባትጽፊውም ሰውየው ግሱ ውስጥ አለ። አማርኛ ላይ ስሙን ብትተዪው ግሱ አይተውም። «ደምረዋል» ያለው ማንን እንደሆነ ለአንባቢው አይጠፋውም። «ተደምሯል» ስትዪ ግን አድራጊው ይወጣና ሥራው ብቻ ይቀራል። «አላስገቡትም» እና «አልገባም»፣ «ዘለውታል» እና «ተዘሏል»፣ «ለምን አዘገዩት?» እና «ምን አዘገየው?» ሁሉም እንደዚሁ ናቸው። የመጨረሻውን በተለይ እወደዋለሁ። «ምን አዘገየው?» ሲባል ጥፋተኛው «ምን» ነው። ተጠያቂው ሰው ምክንያቱን እንዲያስረዳ ተጋበዘ እንጂ አልተያዘም።

አማርኛ ለዚህ ሥራ ሌሎችም መሣሪያዎች አሉት። «አንድ ጥያቄ አለኝ» ከማለት ይልቅ «አንዲት ጥያቄ ነበረችኝ» እንላለን። ጥያቄዋን አንስታይ ስናደርጋት ታንሳለች፣ «ነበር» ስትጨመርበት ደግሞ ትርቃለች። «ይቺ ቁጥር አምልጣዎት ይሆን?» የሚለውም ያምራል። ቁጥሯ ነች ያመለጠችው፤ ሰውየው የጣሏት አልሆነም። ግን ጉዳዩ ከባድ ሲሆን ማሳነሱ ይቅር። ሁለት ወር ሙሉ የጠፋ ደረሰኝ «አንዲት ነገር» አይደለም፤ እንደዚያ ከተባለ ወይ ማላገጥ ይመስላል፣ ወይ ሰውየው ቀላል ነው ብሎ ያልፈዋል። አድራጊ የሌለው ግስም ገደብ አለው። ተመሳሳይ ነገር ሦስተኛ ጊዜ ከተደገመ «ተረስቷል» እያሉ መዞር ማድበስበስ ነው። ያን ጊዜ ለብቻ ተቀምጦ «ጋሼ፣ ሦስተኛ ጊዜ ሆነ፤ ምን ላግዝዎ?» ማለት ይሻላል።

ወደ ሁለተኛው ዓረፍተ ነገርሽ ልለፍ። «ከመላክዎ በፊት ቢያሳዩኝ ኖሮ...»። «ቢያሳዩኝ» ብቻውን ከአማርኛ ትሑት ቃላት አንዱ ነው። ቢመለከቱት፣ ቢልኩልኝ፣ ብንነጋገርበት፤ ሁሉም በር ከፍተው ይጠብቃሉ። «ኖሮ» ስትመጣ በሩ ይዘጋል። ነገሩ አለፈ፣ አልተደረገም፣ አሁን ማንም ምንም ሊያደርግለት አይችልም ማለት ነው። ለሰውየው የሚተርፈው ጸጸት ወይም ሙግት ብቻ ነው። ያንኑ ሐሳብ «የሚቀጥለውን ከመላኩ በፊት አብረን ብናየው ደስ ይለኛል» በዪው። ቅርጹ ያው የ«ቢያሳዩኝ» ነው፤ ወደፊት ስለሚያይ ግን ሰውየው አንድ የሚያደርጉት ነገር ያገኛሉ።

ሦስተኛው ነው ትልቁ፤ «እንደ ልጅ ታዘኛለች» ያሰኘውም እሱ ይመስለኛል። «ታርሞ ይቅረብ።»

በየመሥሪያ ቤቱ ደብዳቤ ጠርዝ ላይ ኃላፊዎች በእስክሪብቶ የሚጽፏቸውን ታውቂያቸዋለሽ። «ይታይ»፣ «ተጣርቶ ይቅረብ»፣ «በመመሪያው መሠረት ይፈጸም»። እነዚህ ከላይ ወደ ታች የሚወርዱ ቃላት ናቸው። ተናጋሪም ሰሚም የላቸውም። ለመዝገብ ቤት ጥሩ ናቸው፣ ምክንያቱም ደብዳቤው በስንት ሰው እጅ እንደሚያልፍ አይታወቅም። ሠላሳ ዓመት ቢሮ የቆየ ሰው ግን ይህን ቅርጽ የሚያውቀው ከሥራ አስኪያጅ ፊርማ በላይ ተጽፎ ነው። ቴሌግራም ላይ፣ ለብቻው፣ ልጁ ከምትሆን ወጣት ሲመጣለት ትእዛዙን ከነማኅተሙ ነው የሚሰማው።

አሁን የሚገርመውን ነገር ተመልከቺ። «ተደምሯል» አድራጊ የለውም፣ «ይቅረብ»ም አድራጊ የለውም። የመጀመሪያው ለስላሳ ነው፣ ሁለተኛው ሻካራ። ለምን? ጥፋት ሲወራ ስሙ መውጣቱ ለሰው እፎይታ ነው። ሥራ ሲጠየቅ ግን ስሙ መውጣቱ ንቀት ይሆናል፤ እሱ ይሥራው ሌላ ለተናጋሪው ግድ የለውም ማለት ነው። ስለዚህ ጋሼን ከስህተቱ ውስጥ አውጪያቸውና ልመናው ውስጥ አስገቢያቸው። አንቺ የጻፍሽው ተገላቢጦሹን ነበር። «አግኝቼብዎታለሁ» ላይ አሉ፣ «ቢያሳዩኝ ኖሮ» ላይ አሉ፣ ርዳታቸው ሲፈለግ ግን የሉም።

እኔ ብጽፈው እንዲህ ነበር የምጽፈው፦

«ጋሼ፣ እንዴት አደሩ? ሪፖርቱን አየሁት። የወጪውን ምክንያት በየርዕሱ ማስረዳትዎ በጣም ጠቅሞኛል። ሠንጠረዥ 3 ላይ አንዲት ነገር ነበረችኝ፤ የነሐሴ ወጪ ሁለቴ የተደመረ ይመስለኛል። እስቲ አንዴ ይዩልኝ። ዓርብ ጠዋት ወደ ፋይናንስ ማስተላለፍ ስላለብኝ እስከ ሐሙስ ቢደርሰኝ ጥሩ ነው።»

«ይዩልኝ» ላይ «ል» ተመልሳ መጣች። ቀኑም አልተድበሰበሰም። ትሕትና ማለት ቀነ ገደብ መደበቅ አይደለም፤ ሐሙስ ሐሙስ ነው። ምስጋናውና አስተያየቱ መካከል «ግን» እንዳላስገባሁም አስተውዪ። «በጣም ጥሩ ነው፣ ግን...» የሚል ኃላፊ ያለው ሠራተኛ ውሎ አድሮ ምስጋናውን መስማት ያቆማል። ሲመሰገን «ግን»ን ይጠብቃል። ሁለቱን በነጥብ ለይቶ ማስቀመጥ፣ ካልሆነም «ደግሞ» ማለት ይበቃል። ምስጋናው የእውነት ካልሆነ ደግሞ ጭራሽ አይጻፍ።

አንድ ነገር ልጨምር፣ ስለ «ጋሼ»። ይህ ቃል ከ«አንተ» ጋርም ከ«እርስዎ» ጋርም ይሄዳል። በብዙ ቤት ታላቅ ወንድም «ጋሼ፣ ና ቡና ቀርቧል» ይባላል፤ ያለ አንቱታ የተከበረ ነው። አንዳንድ ቢሮም እንደዚያ ነው። የክፍላችሁ ልማድ የትኛው እንደሆነ የምታውቂው አንቺ ነሽ። አደራ የምልሽ አንድ ነው። በአዘቦት ቀን «ጋሼ፣ እንዴት ነህ?» የምትያቸው ከሆነ ስታርሚያቸው ብቻ ወደ «እርስዎ» አትዝለዪ። በአማርኛ ድንገት የሚመጣ አንቱታ ቁጣ ነው። ባልና ሚስት ሲኳረፉ «እርስዎ እንዳሉ» መባባላቸውን ሰምተሽ ይሆናል።

ወደ «እሺ» እንምጣ። «እሺ ካሉ ለምን ተቀየሙ?» ብለሻል። «እሺ» ሰማሁ ማለት ነው፤ ተስማማሁ ማለት የሚሆነው ሌላ ነገር ሲያጅበው ነው። ፊት ለፊት ሲሆን ድምፁ፣ ዓይኑ፣ ያቺ ትንፋሽን ወደ ውስጥ እየሳብን የምናሰማት «እ» ያጅቡታል። ስልክ ላይ ሁሉም ይቀራሉ። ብቻውን የተላከ «እሺ» ንግግሩን የሚዘጋ ነው። ሰውየው መከራከር ክብራቸውን የሚነካ መስሎ ከታያቸው «እሺ» ብለው ይወጣሉ። እንዲህ ዓይነት «እሺ» ሲደርስሽ «እሺ ማለት ምን ማለት ነው?» ብለሽ አትከተዪ። በግስ የሚመለስ ጥያቄ ጠይቂ፤ «ሐሙስ ይደርስልኝ ይሆን?» በዪ። «ይደርሳል» ወይም «አይደርስም፣ ባንኩ መግለጫውን አልላከልኝም» የሚል መልስ ታገኛለሽ። ያኔ ሥራው የት እንዳለ አወቅሽ።

አስተያየት የሚቀበለውስ ምን ይበል? ይህን አልጠየቅሽኝም፤ ግን ኃላፊም አስተያየት ይቀበላል፣ ነገ ጋሼ ያንቺን ደብዳቤ ያርማሉ። ለዚህ ቋንቋችን የታደለ ነው። «እንኳን ነገርከኝ።» «ጥሩ አዩልኝ።» «ደግ አደረግሽ፣ አምልጦኝ ነበር።» «አዩልኝ» ላይ ያለችውን «ል» አየሻት? የታየብኝን ነገር ታየልኝ ብዬ ስቀበል ክሱ ውለታ ሆነ። ይህን ማድረግ የሚችለው ተቀባዩ ብቻ ነው፤ ሰጪው ምንም ቢጠነቀቅ በእሱ ምትክ ሊያደርግለት አይችልም። «አስተያየትዎን ከልብ አመሰግናለሁ» የሚለው ለደብዳቤ ይሆናል። ቢሮ ውስጥ ሲነገር ግን የጥቅስ ያህል ይደርቃል።

አድራጊ የሌለው ግስ እዚህ ላይ ፊቱን ያዞራል። አራሚው «ተዘሏል» ሲል ጨዋ ነው። የታረመው ራሱ «አዎ፣ ተዘሏል» ካለ ግን አመለጠ ይባላል። የራስን ጥፋት «ረስቼዋለሁ»፣ «ደርቤ ደምሬዋለሁ» ብሎ በራስ ስም መጥራት ያስከብራል። «አምልጦኛል»ም ያስኬዳል፤ «ኝ» ስላለችበት ሰውየው አልሸሸም።

ካልተስማሙስ? «ልክ ነሽ፣ ግን» ብሎ መጀመር መስማማትም አለመስማማትም አይደለም። «እስቲ ልየውና እመለስበታለሁ» ማለት ጊዜ ይሰጣል፣ በእርግጥ ከተመለሱበት። ከተመለሱ በኋላ ደግሞ በማስረጃ መናገር ነው፦ «የነሐሴው ክፍያ ሁለት ጊዜ ነው የወጣው፤ ደረሰኞቹን ላሳይሽ?» ይህ መልስ ከጋሼም ሊመጣ ይችል ነበር። «ስህተት አግኝቼብዎታለሁ» የተባለ ሰው ግን ደረሰኝ ፍለጋ አይነሣም። «ይመስለኛል» የምትለዋን ቃል እርግጠኛ ስትሆኚም እንዳትተዪያት የምመክርሽ ለዚህ ነው። ልክ ካልሆንሽ መመለሻ ትሆንሻለች፤ ልክ ከሆንሽም እሳቸው ራሳቸው አይተው እንዲያገኙት ቦታ ትሰጣቸዋለች።

አሁን የተላከው ተልኳል። ሌላ ረጅም መልእክት አትጻፊ፤ ይህ በስልክ የሚጠገን አይደለም። ሻይ ሰዓት ላይ ወንበራቸው ድረስ ሂጂና «ጋሼ፣ የዚያን ቀኑ መልእክቴ ደረቅ ሆነብኝ። ሠንጠረዡን አብረን እንየው?» በያቸው። «ብ»ዋን በራስሽ ላይ ነው ያደረግሻት፤ ሃምሳ ዓመት ሙሉ አማርኛ የተናገሩ ሰው ይህን ለመስማት ማብራሪያ አይፈልጉም። ከዚያ ላፕቶፑን ክፈቺና ስለ ነሐሴ ወጪ አውሩ።