ለሥነ ጥበብ ብዬ ሥጋዬን ብጎዳ ኃጢአት ነው?

ጥያቄ፦ መምህር፣ የሥነ ጥበብ ተማሪ ነኝ። ክሪስ በርደን የሚባል አሜሪካዊ እ.ኤ.አ. በ1971 ጓደኛውን በጠመንጃ ክንዴን ምታኝ ብሎት፣ መመታቱን እንደ ሥራው ማቅረቡን ተማርን። እኔም ለመመረቂያዬ ሦስት ቀን ሳልበላ፣ ሳልጠጣ፣ ሳልተኛ በተመልካች ፊት ልቆም አስቤያለሁ። ጓደኛዬ «ቅዱሳንስ ሥጋቸውን ጎድተው የለ?» አለኝ። ምን ይላሉ?

መልስ፦ እህቴ፣ የጓደኛሽ ጥያቄ ቀላል አይደለም። «የእነሱማ ሌላ ነው» ብዬ ላልፈው አልችልም።

ነቢዩ ሕዝቅኤል የኢየሩሳሌምን ሥዕል ጡብ ላይ ሥሎ፣ 390 ቀን በግራ ጎኑ፣ 40 ቀን ደግሞ በቀኝ ጎኑ እንዲተኛ ታዟል (ሕዝ. 4)። ይሄ ፐርፎርማንስ (ሰውነትን በተመልካች ፊት መናገሪያ የሚያደርግ ሥነ ጥበብ) ነው ብትዪኝ አልከራከርሽም። በሰውነት መናገር በራሱ ኃጢአት አይደለም ማለት ነው። ግን ምዕራፉን እስከ መጨረሻው አንብቢው። በየቀኑ 20 ሰቅል የሚመዝን እንጀራና የተለካ ውኃ ተመድቦለታል። አንዱ ትእዛዝ ሲከብደው «አወይ!» አለ፤ እግዚአብሔርም ሰማውና አቀለለት።

በዓምድ ጫፍ ላይ ቆሞ የኖረውን መነኩሴ ስምዖን ዘዓምድንም እንይ። ወጣት ሳለ ሥጋው እስኪቆስል ገመድ በገላው ላይ አጥብቆ አስሮ ነበር። የገዳሙ አበው እንዳደነቁት ነው የሚመስልሽ? አስወጡት! ኋላ ዓምድ ላይ ሲወጣም አባቶች መልእክተኛ ልከው «ውረድ» አስባሉት። ሊወርድ እግሩን ሲያነሣ ነው «በል እዚያው ጽና» የተባለው። እንቢ ቢል ኖሮ ጎትተው ሊያወርዱት ነበር።

አንቺንስ «ውረጂ» የሚልሽ ማን ነው? ተመልካቹ እንዳትዪኝ። ማሪና አብራሞቪች የምትባል የፐርፎርማንስ ባለሙያ እ.ኤ.አ. በ1974 ጣሊያን ውስጥ ኔፕልስ ላይ 72 ዕቃ ጠረጴዛ ላይ ደርድራ፣ ለ6 ሰዓት የፈለጋችሁትን አድርጉብኝ ብላ ቆመች። ከዕቃዎቹ አንዱ ሽጉጥ ነበር። ልብሷን ቀደዱ፣ ቆዳዋን ቆረጡ፣ ሽጉጡንም ደገኑባት። እውነቱን ለመናገር እኔን የሚያስጨንቀኝ የእሷ ቁስል ብቻ አይደለም፤ ያን ቀን ቢላዋውን ያነሣው ሰው ነፍስም ነው።

ስለዚህ ሦስት ቀን ያለ ውኃና ያለ እንቅልፍ የሚለውን ተዪው። ኩላሊትሽን ሊጎዳ፣ ሕይወትሽንም ሊያሳጣ ይችላል። ሥጋሽ በዋጋ የተገዛ ነው (1ኛ ቆሮ. 6፥20)፤ ለመመረቂያ የምታስይዢው አይደለም። ጾምም አትበዪው፤ ጾም ለታይታ አይደረግም። ሥጋን ለእሳት መስጠት እንኳ ያለ ፍቅር ምንም እንደማይጠቅም ሐዋርያው ተናግሯል (1ኛ ቆሮ. 13፥3)።

መቆሙን ግን አልከለክልሽም። ሰዓቱን አሳጥሪ፣ ውኃ አጠገብሽ ይኑር፣ ሐኪም አማክሪ። ሥራውን ከመጀመርሽ በፊት ለንስሐ አባትሽ አስረጂ። ፐርፎርማንስ ምን እንደሆነ ላይገባቸው ይችላል፤ ግድ የለም። «በቃሽ» ካሉሽ ግን ውረጂ።